መስታወት በቤት ውስጥ እንዴት ይበሳል?

መስታወት እንደ እንጨትና እንደ ብረት አይበሳም። እንጨት ሲበሳ የፑንታው ስለት እየቆረጠ ፍቅፋቂውን ወደ ላይ ያወጣዋል፤ ብረትም እየተላጠ ይወጣል። መስታወት ግን የመታጠፍም ሆነ የመሳብ ጠባይ ስለሌለው፣ ስለት ሲጫነው ወይ በጥቃቅኑ ይፈረፈራል ወይ ከዳር እስከ ዳር ይነቃል። ስለዚህ በመስታወት ላይ ቀዳዳ የሚወጣው በመፍጨት ነው። ከመስታወቱ የጠነከረ ነገር በውሃ እየራሰ ላዩ ላይ ይሽከረከራል፤ መስታወቱ እየደቀቀ ከውሃው ጋር ነጭ ጭቃ ሆኖ ይወጣል። በቤት ውስጥ ሲበሳ የሚሰበር መስታወት ብዙ ጊዜ የሚሰበረው ይህ ሳይታወቅ ቀርቶ፣ ድሪሉ ግድግዳ እንደሚበሳ ሁሉ በክንድ ኃይል ስለሚገፋ ነው።

ቀዳዳው የሚያስፈልግበት ምክንያት ብዙ ነው። የፊት መስታወት በብሎን ግድግዳ ላይ ለማሰር፣ የመደርደሪያ መስታወት ከእንጨት ጋር ለማያያዝ፣ ባዶ ጠርሙስ ውስጥ ሽቦ አስገብቶ የጠረጴዛ መብራት ለመሥራት፣ የዓሣ ገንዳ ላይ የውሃ ቱቦ ለማሳለፍ። ሉህ መስታወት ከሆነ መስታወት ቆራጭ ዘንድ ወስዶ ማስበሳት ሁልጊዜም አንድ አማራጭ ነው፤ መስታወቱ ትልቅ ወይም ውድ ሲሆን ደግሞ የተሻለው እሱ ነው። አነስ ያለ መስታወትና ጠርሙስ ግን ቤት ውስጥ ያለ አደጋ ሊበሳ ይችላል።

ተራው የመስኮት መስታወት 70 በመቶ ገደማው ከአሸዋ የሚገኘው ሲሊካ ሲሆን፣ የቀረው በአብዛኛው ሶዳና ኖራ ነው። ሲጫኑት እጅግ ጠንካራ ነው። ድክመቱ የሚታየው ሲሳብ ወይም ሲጎብጥ ነው። የዚህን ምክንያት በ1920ዎቹ መጀመሪያ (እ.ኤ.አ.) በግልጽ ያሳየው እንግሊዛዊው መሐንዲስ አላን አርኖልድ ግሪፊዝ ነው። ግሪፊዝ ቀጫጭን የመስታወት ክሮችን እየሳበ ሲመረምር፣ ክሩ በቀጠነ ቁጥር ጥንካሬው እየጨመረ እንደሚሄድ አስተዋለ። ከዚህ ተነሥቶ የደረሰበት መደምደሚያ፣ የመስታወት ድክመት በራሱ በመስታወቱ ውስጥ ሳይሆን በዓይን በማይታዩ ጥቃቅን ስንጥቆች ላይ መሆኑን የሚያሳይ ነበር። ጫናው በስንጥቁ ጫፍ ላይ ይከማቻል፤ የተወሰነ ልክ ካለፈ ስንጥቁ በራሱ መሮጥ ይጀምራል። በብረት ላይ ቢሆን ጫፉ ትንሽ ተለጥጦ ጫናውን ያበርደው ነበር። መስታወት ይህን ማድረግ አይችልም። «ብርሌ ከነቃ አይሆንም ዕቃ» የሚለው አባባል በሌላ ጉዳይ ላይ ቢነገርም ለመስታወት በቀጥታም ይሠራል፤ አንዴ የተነሣ ንቃቃት ተመልሶ አይገጥምም።

ሌላው ጠላት ሙቀት ነው። ብረት ሙቀትን የሚያስተላልፈው ከመስታወት በሃምሳ እጥፍ ገደማ በልጦ ነው። ፑንታው ብረት ሲበሳ የሚፈጠረው ሙቀት ወዲያው በዙሪያው ይበተናል፤ በመስታወት ላይ ግን እዚያው ፑንታው ያለበት ቦታ ይከማቻል። የሞቀው ቦታ ሊሰፋ ሲሞክር በዙሪያው ያለው ቀዝቃዛ መስታወት አልላወስም ይላል፤ በመካከላቸው ውጥረት ይፈጠራል። ተራ መስታወት በሞቀውና በቀዘቀዘው ክፍሉ መካከል የ40 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ያህል ልዩነት ከተፈጠረ የመሰንጠቅ ዕድሉ ከፍተኛ ነው። በደረቁ የሚሽከረከር ፑንታ እዚህ ልክ ላይ ለመድረስ ጥቂት ሰከንዶች ይበቁታል። ውሃ የግድ የሚሆነው ለዚህ ነው።

ድሪሉ ከመነሣቱ በፊት የሚመለስ አንድ ጥያቄ አለ፤ መስታወቱ ከነጭራሹ የሚበሳ ዓይነት ነው? ቴምፐርድ የሚባለው መስታወት በምንም ዓይነት ፑንታ፣ በምንም ዓይነት ጥንቃቄ አይበሳም። ይህ መስታወት በፋብሪካ ከ600 ዲግሪ በላይ ከጋለ በኋላ በአየር ግፊት በድንገት ይቀዘቅዛል። ላዩ ቀድሞ ይጠነክራል፤ ውስጡ ዘግይቶ ሲኮማተር ላዩን ወደ ውስጥ ይስበዋል። በዚህ የተነሣ የመስታወቱ ላይ በኃይል ተጨምቆ፣ ውስጡ ደግሞ በኃይል ተወጥሮ ይኖራል። ላዩ ስለተጨመቀ ትናንሽ ስንጥቆች አይከፈቱም፤ ጥንካሬውም ከዚህ የመጣ ነው። ነገር ግን ፑንታው የላዩን ንብርብር አልፎ የተወጠረው ውስጥ የገባ እንደሆነ፣ ታስሮ የቆየው ኃይል በሙሉ በአንድ ጊዜ ይለቀቃል፤ መስታወቱም በቅጽበት ወደ ሽምብራ ወደሚያካክሉ ቁርጥራጮች ይበታተናል። ፋብሪካዎችም ቢሆኑ ለቴምፐርድ መስታወት ቀዳዳውን የሚያወጡት ከማጋላቸው በፊት ነው።

ቴምፐርዱን ከተራው ለመለየት መጀመሪያ ማዕዘኖቹ ይታያሉ። ብዙ ጊዜ በአንዱ ጥግ ላይ የማይለቅ ትንሽ ማኅተም ይኖራል። ማኅተም አለመኖሩ ግን ተራ መስታወት ለመሆኑ ማረጋገጫ አይሆንም፤ በብዙ ዕቃዎች ላይ ማኅተሙ ጨርሶ አይደረግም። የተሻለው መንገድ ፖላራይዝድ የሆነ የፀሐይ መነጽር መጠቀም ነው። የኮምፒውተር ኤልሲዲ ስክሪን ነጭ ገጽ ተከፍቶ መስታወቱ ከፊቱ ይቆማል፤ ከዚያ መነጽሩ ተደርጎ፣ ራስን ወደ ጎን እያዘነበሉ መስታወቱን ማየት ነው። ቴምፐርድ ከሆነ የጠቆሩና የፈኩ ነጠብጣቦች ወይም መስመሮች፣ አንዳንዴም ኅብረ ቀለም ይታይበታል። ተራ መስታወት ምንም አያሳይም ማለት ይቻላል። የመታጠቢያ ቤት በር፣ የፍሪጅ መደርደሪያ፣ የምድጃ በር፣ የመኪና የጎን መስኮትና አብዛኛው የምግብ ጠረጴዛ መስታወት ቴምፐርድ ነው ተብሎ ቢታሰብ አያሳስትም። የዓሣ ገንዳ ሲሆን ጎኖቹ ተራ ሆነው ታችኛው ብቻ ቴምፐርድ የሚሆንበት ጊዜ ስላለ እያንዳንዱ ፊት ለብቻው ይመረመራል።

የመኪና የፊት መስታወት ሁለት ሉህ በመካከሉ ፕላስቲክ ይዞ የተጣበቀበት ላሚኔትድ ነው፤ ፕላስቲኩ ፑንታውን ስለሚደፍነው ለቤት ሥራ አይመችም። ሁለት መስታወት በመካከሉ አየር ታሽጎበት የሚሠራው የመስኮት ዓይነትም አይነካም፤ እሽጉ አንዴ ከተከፈተ እርጥበት ገብቶ ለዘለቄታው ይደበዝዛል። የሞባይል ስክሪን መስታወት በኬሚካል የጠነከረ ስለሆነ እሱም ከዝርዝሩ ውጭ ነው። ለቤት ሥራ የሚቀረው እንግዲህ የድሮ የመስኮት መስታወት፣ የሥዕል ፍሬም መስታወት፣ ተራ የፊት መስታወትና ጠርሙስ ነው። ይህም ቢሆን ለብዙው ሰው ይበቃል።

ወደ ፑንታው ስንመጣ፣ ገበያ ላይ ሁለት ዓይነት ይገኛል። አንደኛው ጫፉ እንደ ጦር የሾለ ከተንግስተን ካርባይድ የተሠራ ነው። ዋጋው ረከስ ያለ ነው፤ ለቀጭን መስታወትና ለትናንሽ ቀዳዳ፣ ከ3 እስከ 10 ሚሊሜትር ድረስ ይሆናል። ሁለተኛው ውስጡ ክፍት የሆነ ቱቦ መሰል ፑንታ ሲሆን፣ አፉ ላይ የአልማዝ ብናኝ በኒኬል ተጣብቆበታል። ይህኛው የቀዳዳውን ሥጋ በሙሉ አይፈጭም፤ ዙሪያውን ብቻ እንደ ቀለበት እየፈጨ መካከሉን እንደ ሳንቲም ቆርጦ ያወጣዋል። ሥራው ስለሚቀንስ ሙቀቱም ይቀንሳል። ከሁለቱ የሚመረጠው ይህኛው ነው፤ በተለይ ከ6 ሚሊሜትር በላይ ለሆነ ቀዳዳ በሌላው መድከም ትርፍ የለውም። ድሮ ውድ የነበረው አልማዝ እንዲህ ረክሶ ፑንታ ላይ የሚለጠፈው ሰው ሠራሽ አልማዝ ስለተገኘ ነው፤ የአሜሪካው ጀነራል ኤሌክትሪክ ኩባንያ ሰው ሠራሽ አልማዝ ማምረቱን ያስታወቀው በ1955 (እ.ኤ.አ.) ነበር። የብረት ፑንታ በመስታወት ላይ ወዲያው ይደነዝዛል። የኮንክሪት ፑንታ ደግሞ እየመታ ለመስበር የተሠራ ነው፤ መስታወት ላይ ቦታ የለውም።

አልማዝ ባልነበረበት ዘመን ሰዎች መስታወት አይበሱም ነበር ማለት ግን አይደለም። የጥንት ግብፃውያን ጠንካራ ድንጋይ የሚበሱት በመዳብ ቱቦና በአሸዋ ነበር። መዳቡ ለስላሳ ነው፤ የሚፈጨው በመዳቡና በድንጋዩ መካከል የገባው አሸዋ ነው። በዚሁ ዘዴ ዛሬም የመዳብ ወይም የናስ ቱቦ ጫፍ በውሃ በተለወሰ የካርቦረንደም ዱቄት እየተነከረ ቀስ ብሎ ሲሽከረከር መስታወት ይበሳል። በእጃቸው ቴሌስኮፕ የሚሠሩ ሰዎች ወፍራም የመስታወት ክብ የሚበሱት በዚህ መንገድ ነው። ሥራው አሰልቺ ነው፤ ነገር ግን የሚፈለገውን ስፋት ያህል ቱቦ ከተገኘ፣ የአልማዝ ፑንታ በማይገኝበት ቦታ እስካሁን የሚተካው የለም።

ድሪሉ ፍጥነቱ በጣት የሚመጠን መሆን አለበት። የመዶሻ ምልክት ያለበት ማዞሪያ ካለው፣ ወደ ተራ መዞር መመለሱ ሁለት ጊዜ ይረጋገጣል፤ መስታወቱን ለመስበር አንድ ምት ይበቃል። ባትሪ ያለው ድሪል ከኤሌክትሪክ መስመር ከሚሠራው ይመረጣል፤ ምክንያቱ ውሃ ነው። የ220 ቮልት ዕቃ በረጠበ ጠረጴዛ ላይ ይዞ መሥራት ከመስታወቱ የባሰ አደጋ አለው። ሌላ ከሌለ ገመዱ ከጠረጴዛው በላይ ተይዞ፣ እጅ ደርቆ፣ ውሃው ከጥቂት ሚሊሜትር ጥልቀት ሳያልፍ ይሠራል፤ መስመሩ ላይ ኤሌክትሪክ ሲያፈተልክ ፈጥኖ የሚቆርጥ መከላከያ ቢኖር መልካም ነው። የድሮ ባለሙያዎች በጦር መሰሉ ፑንታ ሲሠሩ አኳራጅ ወይም ላምባ ጠብ ያደርጉ ነበር። ሁለቱም ተቀጣጣይ በመሆናቸው ብልጭታ ከሚረጭ የኤሌክትሪክ ድሪል አጠገብ አይመከሩም፤ ውሃ በቂ ነው።

የሚበሳው ሰው ራሱን የሚያዘጋጅበት መንገድም አለ። ዓይንን ከጎንም የሚሸፍን መከላከያ መነጽር የግድ ነው፤ ተራ የማንበቢያ መነጽር አይተካውም። የመስታወት ዱቄት በውሃ ስለሚያዝ አይበንም፤ ሲደርቅ ግን ጉሮሮና ሳንባ ስለሚያስቆጣ አፍና አፍንጫ ይሸፈናል። ጓንት የሚያስፈልገው መስታወቱ ሲነሣና ሲቀመጥ ነው። ድሪሉ ሲሽከረከር ግን ሰፊ የጨርቅ ጓንት፣ የተንዘረፈፈ ነጠላ፣ ያልታሰረ ሻሽ፣ ረጅም እጅጌና የተለቀቀ ጸጉር ሁሉ ፑንታው የሚጠመጥማቸው ነገሮች ናቸው። እግር ላይ የተሸፈነ ጫማ ይደረጋል፤ ሕፃናት ከአካባቢው ይርቃሉ።

ቀዳዳው የሚወጣበት ቦታ እንደ ልብ አይመረጥም። ለቴምፐርድ መስታወት ፋብሪካዎች የሚመሩበት የአውሮፓ ደረጃ ያስቀመጠው ልክ ለተራው መስታወትም ጥሩ መነሻ ነው። የቀዳዳው ስፋት ከመስታወቱ ውፍረት አያንስም። ከቀዳዳው ጠርዝ እስከ መስታወቱ ጠርዝ ያለው ርቀት ከውፍረቱ ሁለት እጥፍ አያንስም፤ በሁለት ቀዳዳዎች መካከልም እንዲሁ። ከማዕዘን ሲሆን ስድስት እጥፍ ነው። ውፍረቱ 5 ሚሊሜትር የሆነ መስታወት እንግዲህ ከ5 ሚሊሜትር ያነሰ ቀዳዳ አይወጣበትም፤ ከጠርዙ ቢያንስ 10፣ ከማዕዘኑ ቢያንስ 30 ሚሊሜትር ይራቃል። ቦታ እስካለ ድረስ ከዚህም በላይ መራቅ አይከፋም፤ ከልኩ መቅረብ ግን መስታወቱን ለመስበር መስማማት ነው።

መስታወቱ የሚያርፍበት ጠረጴዛ ጥርግ ብሎ መጽዳት አለበት። ከሥር የቀረች አንዲት የአሸዋ ፍሬ መስታወቱን በአንድ ነጥብ ላይ ታስጎብጠዋለች። ለምቾት ተብሎ ወፍራም ስፖንጅ ማንጠፍ የተለመደ ስሕተት ነው፤ ስፖንጁ ከጫናው ሥር ስለሚሰረጉድ መስታወቱ ይጎብጣል። ትክክለኛው ለጥ ያለ ሳንቃ ላይ ጥቂት የጋዜጣ ገጾች ወይም ቀጭን ላስቲክ ማንጠፍ ነው። ሳንቃው በተለይ ቀዳዳው በሚወጣበት ቦታ ሥር መኖር አለበት፤ ፑንታው ወደ ታች ሲወጣ መስታወቱን የሚደግፈው እሱ ነው።

ቦታው ላይ የወረቀት ፕላስተር በመስቀል ቅርጽ ይለጠፍና ምልክቱ በማርከር ይደረግበታል። የአልማዙ ፑንታ መካከሉ ክፍት ስለሆነ የሚተከልበት ጫፍ የለውም፤ ለስላሳ መስታወት ላይ ሲነካ ይንሸራተታል፣ የተንሸራተተበትም ቦታ ጭረት ይቀራል። ይህን የሚከላከለው ቀላሉ መንገድ ቁራጭ ኮምፔንሳቶ ላይ በእንጨት ፑንታ የዚያኑ ያህል ቀዳዳ አውጥቶ መስታወቱ ላይ በፕላስተር ማሰር ነው። ኮምፔንሳቶውን በራሱ በአልማዙ ፑንታ መብሳት አያስፈልግም፤ እንጨቱ እየተቃጠለ አልማዙን ይደፍነዋል። እጁ የሠለጠነ ሰው ያለ ኮምፔንሳቶ ፑንታውን ወደ 45 ዲግሪ ገደማ አዘንብሎ ይጀምራል። ጠርዙ መስታወቱ ላይ ግማሽ ጨረቃ የምትመስል ቦይ ሲያወጣ፣ ድሪሉ እየዞረ ቀስ እያለ ቀጥ ይደረጋል፤ ቦዩም ዞሮ ይገጥማል። ከመስታወት ቤት የተጣለ ቁራጭ ላይ መጀመሪያ መለማመድ የሚያስፈልገው ለዚህች እርምጃ ነው።

በምልክቱ ዙሪያ ከስቱኮ ወይም ከተራ ሊጥ የተድቦለቦለ ክብ ግድብ ይሠራና ውሃ ይሞላበታል። ኮምፔንሳቶ ታስሮ ከሆነ ቦዩ ከያዘ በኋላ ይነሣና ግድቡ ያኔ ይሠራል፤ እስከዚያው ውሃ በጠርሙስ ጠብ ይደረጋል። ፍጥነቱ ከፑንታው ስፋት ጋር ይሄዳል፤ ፑንታው በሰፋ ቁጥር ዳሩ የሚሮጠው ርቀት ስለሚጨምር ዙሩ መቀነስ አለበት። ለ6 ሚሊሜትር ፑንታ በደቂቃ 1000 ዙር አካባቢ፣ ለ25 ሚሊሜትር ደግሞ 400 አካባቢ ለመጀመር የሚሆን ልክ ነው። አብዛኛው የእጅ ድሪል ቁልፉ እስከ መጨረሻው ሲጫን ከዚህ ልክ በላይ ስለሚሄድ ጣቱ ቁልፉን በስሱ ብቻ ይነካል ማለት ነው። ጫናውም ከድሪሉ የራሱ ክብደት ብዙም አይበልጥም።

ሥራው በትክክል እየሄደ ከሆነ በግድቡ ውስጥ ያለው ውሃ ወተት ይመስላል፤ ድምፁ ወጥ የሆነ የመፋቅ ድምፅ ነው። በየጥቂት ሰከንዱ ድሪሉ ሳይቆም ፑንታው ትንሽ ከፍ ይደረጋል፤ ውሃው ገብቶ ቦዩን ያጥባል፣ ዱቄቱ ይወጣል። ድምፁ ተቀይሮ ማፏጨት ከጀመረ ወይ ውሃው ወደ ቦዩ አልደረሰም ወይ ጫናው በዝቷል። ውሃው ሲተን ከታየ ወይም ነጭ ደረቅ ዱቄት ከወጣ ወዲያው ይቆማል። እንዲህ በሞቀ መስታወት ላይ ቀዝቃዛ ውሃ በድንገት መድፋት ሙቀቱ ያልሰበረውን ይሰብረዋል፤ በራሱ እስኪበርድ ይጠበቃል። አራት ሚሊሜትር ውፍረት ያለው መስታወት በአነስተኛ ፑንታ የሚፈጀው ጥቂት ደቂቃ ነው። በግማሽ ደቂቃ ያለቀ ቀዳዳ ካለ በጉልበት የተሠራ ነው፤ ጠርዙ ሲታይም ያስታውቃል።

ከሥራው ሁሉ የመጨረሻዋ ሚሊሜትር ትከፋለች። ፑንታው ወደ ማዶ ሊወጣ ሲል ከሥሩ የቀረው መስታወት እጅግ ቀጭን ነው፤ ጫናው ካልቀነሰ ያ ስስ ሽፋን ሳይፈጭ ተገንጥሎ ይወድቃል፤ ሲገነጠልም ከቀዳዳው ዙሪያ ቅርፊት ይዞ ይሄዳል። ቅርፊቱ የተነሣበት ቦታ ለዓይን ከማስቀየሙ ሌላ ለነገ ንቃቃት መነሻ ነው። መፍትሔው ግማሽ ያህል እንደተበሳ መስታወቱን ገልብጦ ከማዶ መጨረስ ነው። መስታወት ግልጽ መሆኑ እዚህ ላይ ይጠቅማል፤ ያለቀው ቦይ ከጀርባ በኩል ስለሚታይ ፑንታው ልክ በላዩ ላይ ይተከላል። ሁለቱ ቦዮች በመካከል ሲገናኙ የሚቀር ትንሽ ጥርስ ቢኖርም በኋላ ይሞረዳል። መገልበጥ የማይቻል ከሆነ ጫናው ወደ ምንም እስኪጠጋ እየቀነሰ፣ ከሥር ያለው ሳንቃ መስታወቱን አጥብቆ እየነካ ይጨረሳል። በፑንታው ሆድ ውስጥ የቀረው ክብ ቁራጭ ድሪሉ ቆሞ፣ ከኤሌክትሪክ ወይም ከባትሪው ተለይቶ፣ በቀጭን ሽቦ ከኋላ ተገፍቶ ይወጣል፤ ዳሩ ስለሚቆርጥ ጣት አይገባበትም።

የፊት መስታወት መገልበጥ ቢቻልም አያሳይም፤ ጀርባው በብርና በቀለም ተሸፍኗል። በዚያ ላይ ፑንታው ከፊት ወደ ኋላ ሲወጣ ብሩን ይልጠዋል። ስለዚህ መጀመሪያ ከጀርባው በኩል ቀለሙና ብሩ ብቻ እስኪቆረጥ በስሱ ይነካል፤ ትንሽ ቦይ ከያዘ በኋላ መስታወቱ ይገለበጥና የቀረው ከፊት ይበሳል። ከጀርባ የተጀመረው ክብ ከፊት ሲታይ ነጸብራቁ ውስጥ እንደ ቀለበት ስለሚወጣ መገጣጠሙ እንደሚፈራው አይከብድም። ቀዳዳው ካለቀ በኋላ የተቆረጠው የብር ጠርዝ እርጥበት ሲያገኘው ይጠቁራል። ጥቁረቱ ቀስ እያለ ከቀዳዳው ወደ ውጭ ይሰፋል፤ በተለይ መታጠቢያ ቤት ውስጥ። መስታወቱ በደንብ ደርቆ በጠርዙ ላይ ቀለም አልባ የጥፍር ቀለም ቢቀባ ይህ ይዘገያል።

ጠርሙስ ክብ በመሆኑና ውፍረቱ ከቦታ ቦታ ስለሚለያይ ከሉህ መስታወት ይለያል። በጎኑ ላይ ቀጭን ሆኖ ወደ ቂጡ ሲጠጋ ይወፍራል፤ የሽቦ ቀዳዳ የሚወጣው ብዙ ጊዜ ከቂጡ ጥቂት ሴንቲሜትር ከፍ ብሎ በጎኑ ነው። ልጣፉ በሞቀ ውሃ ተነክሮ ይላጣል፤ ክዳኑ ወይም ቡሹ ይወጣል። ጠርሙሱ እንዳይንከባለል ፎጣ በተጠቀለለበት ሣጥን ውስጥ ይቀመጣል፤ በሌላው እጅ ግን ከቀዳዳው ሥር አይያዝም። በባትሪ ድሪል የሚሠራ ከሆነ ሳፋ ውስጥ ተጋድሞ ውሃው ቀዳዳው የሚወጣበትን ቦታ ጥቂት እስኪሸፍነው ድረስ ይሞላል፤ ከመስመር በሚሠራ ድሪል ይህን ማድረግ ፈጽሞ አይገባም፣ የሊጥ ግድብ ይበቃዋል። ከውስጥ በኩል መገልበጥም መደገፍም ስለማይቻል ጥቂት ቅርፊት መነሣቱ አይቀርም፤ ደግነቱ የሚነሣው በውስጥ በኩል ነው፣ አይታይም። የተበሳ ጠርሙስ ውስጡ ስባሪና ዱቄት ስለሚቀር ዳግመኛ የሚጠጣ ነገር አይገባበትም።

በመብሳት ብቻ የወጣ ቀዳዳ ጠርዙ እንደ ምላጭ ስለት ያለው ነው፤ በዙሪያውም ለዓይን የማይታዩ ብዙ ጥቃቅን ስንጥቆች ይኖራሉ። ውሃ የሚችል ጥቁር የብርጭቆ ወረቀት፣ በመጀመሪያ 220 ቀጥሎ 400 ቁጥር፣ በእርሳስ ላይ ተጠቅልሎና በውሃ ተነክሮ የቀዳዳውን ውስጥና ሁለቱን አፎች ይሞርዳል። ሹሉ ጠርዝ ተሰብሮ ትንሽ ተዳፋት ሲይዝ ይበቃል። ይህን ማለፍ ሥራውን በግማሽ መተው ነው፤ ከግሪፊዝ ምርምር አንጻር ካየነው የመስታወቱ ጥንካሬ የሚወሰነው እዚሁ ጠርዝ ላይ ነው። በ1898 (እ.ኤ.አ.) ጀርመናዊው መሐንዲስ ኪርሽ በስሌት እንዳሳየው፣ በሚሳብ ሰሌዳ ላይ ክብ ቀዳዳ ካለ በቀዳዳው ጠርዝ ላይ የሚያርፈው ውጥረት ከሌላው ቦታ እስከ ሦስት እጥፍ ይደርሳል። ሦስት እጥፍ ውጥረትና ያልተሞረደ ጠርዝ አንድ ላይ ሲገናኙ መስታወቱ ግድግዳ ላይ ከተሰቀለ ከወራት በኋላ ማንም ሳይነካው ሊነቃ ይችላል።

የፈሰሰው ነጭ ውሃ ሳይደርቅ በእርጥብ ወረቀት ይጠረጋል፤ ከደረቀ ይበናል። በእጅ አይጠረግም፣ በልብስ ላይም አይራገፍም። ወደ መታጠቢያ ገንዳ ቢደፋ ዱቄቱ በቱቦው ክርን ላይ ይረጋል። ስባሪው በወፍራም ካርቶን ተጠቅልሎ በፕላስተር ታስሮ መስታወት መሆኑ ይጻፍበታል፤ ቆሻሻ የሚያነሡ ሰዎችም ሆኑ ቆራሌው ከረጢቱን የሚይዙት በባዶ እጃቸው ነው። እጅ ከተቆረጠ ቁስሉ በንጹሕ ጨርቅ ተጭኖ ይያዛል፤ ጠልቆ የተሰካ ስባሪ ግን አይነቀልም፣ እንዳለ ተደግፎ ወደ ሕክምና ይኬዳል። ዓይን ውስጥ ከገባ ማሸት ክልክል ነው። በብዙ ንጹሕ ውሃ ይታጠባል፤ ከዚያ በኋላም የሚቆረቁር ከሆነ ወይም የተሰካ ነገር ካለ ዓይኑ ሳይነካ ሐኪም ዘንድ ይኬዳል።

መስታወቱ ሲታሰር ብሎኑ መስታወቱን በቀጥታ መንካት የለበትም። ቀዳዳው ከብሎኑ ከ2 እስከ 3 ሚሊሜትር ሰፍቶ፣ በመካከሉ የፕላስቲክ ወይም የላስቲክ ቱቦ ይገባል፤ ከፊትና ከኋላ ጎሚኒ ይደረግና በላዩ ሮንዴላ ይቀመጣል። ክብደቱን ማስላት ቀላል ነው፤ አንድ ካሬ ሜትር መስታወት በእያንዳንዱ ሚሊሜትር ውፍረት 2.5 ኪሎ ግራም ይመዝናል፤ 4 ሚሊሜትር የሆነ አንድ ካሬ ሜትር መስታወት እንግዲህ 10 ኪሎ ነው። ግድግዳው ውስጥ የሚገባው ፊሸር ይህን መሸከም የሚችል ሆኖ ይመረጣል። ግድግዳው ወጣ ገባ ከሆነ መስታወቱ በብሎኑ ተስቦ እንዲጎብጥ ከማድረግ ከጀርባው ጎሚኒ መደራረብ ይሻላል። ብሎኖቹ በየተራ ትንሽ ትንሽ እየተባሉ በእጅ ይጠብቃሉ፤ ጎሚኒው መጨመቅ ሲጀምር ይቆማል።